ካልኩሌተሩ ያልቆጠራት እህት

ማሽን አይዋሽም የሚለኝ ሰው ሲያጋጥመኝ ደሜ ይፈላል። ለምን አይዋሽም? ዋሽ ካሉት ምን ይከለክለዋል? የአሊዩ አምባው መምህር ታጁ አብዱልሀሚድ በጃኬት ኪሱ ይዞት ይዞር የነበረው ካልኩሌተር ብዙ ቤት ገብቶ ዋሽቷል። ያውም ሳይሳደብ፣ ድምፅ ሳያሰማ፣ ሥዕል እየሣለ። ስለ ታጁ የምጽፈው ክፉ ሰው ስለሆነ አይደለም። ክፉ ቢሆንማ ቀለም አላባክንበትም ነበር። ታጁ ደግ ሰው ነው። የሚያናድደኝም ይኸው ነው።

የተወለደው ከአንኮበር ተራራ ግርጌ፣ ቆላው ከሚጀምርበት፣ ከአሊዩ አምባ ገበያ ወረድ ብሎ ነው። አባቱ አብዱልሀሚድ ማሾና ማሽላ የሚያመርቱ፣ ወንዝ ዳር ባለችው መስኖ ደግሞ ሽንኩርትና ፓፓያ የሚያለሙ ገበሬ ነበሩ። ልጆቻቸው ትልቋ አፊፋ፣ መካከለኛው ኢስሀቅ፣ የመጨረሻው ታጁ ናቸው። እናታቸው ስትሞት ታጁ ገና የወተት ጥርሱን አልነቀለም ነበር። አፊፋ ትምህርቷን ጥላ የቤቱ እናት ሆነች። ይህችን ዓረፍተ ነገር መጻፍ ቀላል ነው፤ መኖሩን ግን እሷን ጠይቋት።

ታጁ ሁለተኛ ደረጃ ሲደርስ ደጋው ላይ ወዳለችው ጎረቤላ ወጥቶ፣ ቤት ተከራይቶ ነበር የሚማረው። ቆላውን ከደጋው የሚያገናኘው ያ አቀበት ፍየል ያስለከልካል። አፊፋ በሶውንና የማሽላ ቂጣውን ተሸክማ አቀበቱን ትወጣና ትምህርት ቤቱ አጥር ሥር ቁጭ ብላ ትጠብቀዋለች። ደገኞቹ ልጆች፣ «ማናት ይቺ ላብ ያጠመቃት?» ይሉታል። «እህቴ ናት! ምን አገባችሁ?» ብሎ ይደባደባል። ይህን የነገረኝ ራሱ ነው፤ ሲነግረኝም አንገቱን ደፍቶ ነበር። ለምን እንደደፋ ትደርሱበታላችሁ።

አፊፋ አግብታ ነበር፤ አልሆነላትም፤ ተፋትታ አባቷ ቤት ተመለሰች። አባቷ ጉልበታቸው ሲከዳቸው የወንዝ ዳሯን መስኖ እሷ ያዘች። ውሃውን የምትመራው እሷ፣ ፓፓያውን የምትተክለው እሷ፣ ሽንኩርቱን ገበያ የምታወጣው እሷ። ኢስሀቅ ደብረ ሲና ሄዶ መኪና መንገድ ዳር ሱቅ ከፈተ፤ አባቱ ቤት የሚታየው ለዒድ ብቻ ሆነ።

ካልኩሌተሩን ለታጁ የሰጡት ጎረቤላ ሒሳብ ያስተማሩት መምህር ገብረአብ ናቸው። ታጁ ደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ ሊገባ ሲሰናበታቸው ከመሳቢያ አውጥተው እጁ ላይ አኖሩለት።

«ይኸውልህ፤ ያዘዝከውን ይሠራል። እንደ ልጆቼ አይደለም» አሉት።

«ጋሼ፣ እርስዎስ በምን ሊያስተምሩ?»

«እኔማ ግራፉን እጄ ይሥለዋል። አንተ ቀጥ ያለ መስመር ሣል ስትባል እንኳ ተራራ ነው የምታወጣው።»

ተራ ካልኩሌተር ደምሮ ቀንሶ ዝም ይላል። ይኼኛው ሰፋ ያለ ስክሪን አለው፤ ቀመር ሲጽፉለት ኩርባውን ይሥላል፤ ከዚያም አልፎ ፕሮግራም ይቀበላል። ፕሮግራም የተቆለለ ጥበብ አይምሰላችሁ። ትእዛዝን በተራ መደርደር ነው፤ ይህን ጠይቅ፣ እንዲህ ከሆነ ወደዚያ እለፍ፣ ካልሆነ እዚህ ቁም። ታጁን ማንም አላስተማረውም። መመሪያውን ስልኩ ላይ አውርዶ፣ ካልኩሌተሩን የሚያስመስል አፕ ጭኖ፣ የዶርም ጓደኞቹ ኳስ ሲያዩ እሱ ከቅንፍና ከነጠላ ሰረዝ ጋር ሲታገል ነው የተማረው። እኔም በኋላ ነገሩ ሲያንገበግበኝ ያንን ቋንቋ በራሴ ተምሬ ታጁ የጻፈውን ፕሮግራም ከላይ እስከ ታች አንብቤዋለሁ። ስለዚህ የምናገረውን አውቃለሁ።

መምህር ሆኖ አሊዩ አምባ ሲመለስ መጀመሪያ ተማሪዎቹን በግራፍ አስደነቀ። ስሙን ያስጠራው ሥራ ግን የመጣው ከመስጊዱ ደጅ ነው። ሰው ሲሞት ሚራሱን፣ የውርስ ድርሻውን ማለቴ ነው፣ የሚያካፍሉት ሸሁ ነበሩ። ሕጉን በቃላቸው ያውቁታል፤ ግን ዕድሜያቸው ገፍቶ ዐይናቸው ደክሟል፤ ወራሽ ሲበዛ ክፍልፋዩ ያምታታቸዋል። ታጁ፣ «ሸህ፣ እርስዎ ሕጉን ይንገሩኝ፤ እኔ ለዕቃዋ እነግራታለሁ» አላቸው። ከሰዓት በኋላ ከዐስር ሶላት ሲወጡ እየተቀመጡ፣ እሳቸው ሲናገሩ እሱ ወደ ትእዛዝ ሲገለብጥ ክረምቱ አለፈ። ሚስት ካለች ይህ፣ እናት ካለች ያ፣ ለወንድ ልጅ የሁለት ሴት ልጆች ድርሻ። ለእያንዳንዱ ወራሽ አንድ የእንግሊዝኛ ፊደል ሰጠው። ወንዶች ልጆች «ቢ»፣ ሴቶች ልጆች «ሲ» ሆኑ።

ሸሁ ድሮ ያካፈሏቸውን ቤቶች እያስታወሱ ፈተኑት። ሁሉም ልክ መጣ።

«ማሻአላህ! ቁርኣን ቀርታለች እንዴ ይቺ ዕቃ?»

«አልቀራችም ሸህ፤ እርስዎ ያሉኝን ነው የምትደግመው።»

«እንግዲያው ካስተማርኩት ከስንቱ ደረሳ ትሻላለች» ብለው እስኪያስላቸው ሣቁ።

ታጁ መልሱን በቁጥር ብቻ አልተወውም። ካልኩሌተሩ ስክሪኑ ላይ ማሳ የሚመስል አራት ማዕዘን ይሥልና ለየወራሹ በመስመር ይቆርጠዋል። ፊደል ያልቆጠረ ገበሬ ድርሻውን በዐይኑ ያያታል። ይህን መጀመሪያ የሞከረው በገዛ ቤቱ ነው። አፊፋ ጓሮ ሽንኩርት ስትለቅም አጠገቧ ተቀምጦ፣

«እትዬ፣ አባባ፣ አላህ ያቆይልንና፣ አንድ ነገር ቢሆን እንዲህ ነው» አላት።

ስክሪኑ ላይ ሁለት ሰፋፊና አንዲት ቀጭን ቁራሽ ወጡ።

«ሰፋፊዎቹ የእናንተ፣ ቀጭኗ የኔ?»

«አዎ።»

«አይ፣ ቀጭን ናት!»

«ሕጉ ነው።»

«መች አማረርኩ? ባይሆን በወንዙ በኩል ያለችው ትሁንልኝ» ብላ በሽንኩርት ጣቷ የስክሪኑን ጠርዝ ነካችው።

«ኧረ ታቆሽሺዋለሽ!» ብሎ በእጅጌው ጠረገው። ተሣሣቁ። አባታቸው ከውስጥ፣ «ገና ሳልሞት ተካፈላችሁኝ?» ሲሉ ደግሞ ይበልጥ ሣቁ።

ወሬው ተሰማ። በገበያ ቀን ታጁ ገበያው ዳር ካለችው ሻይ ቤት ሲቀመጥ ሰው ይከበው ጀመር። አንድ ቀን አባታቸው የሞቱባቸው ወንድማማች ነጋዴዎች መጡ። ሱልጣና የምትባል እህት አለቻቸው። የአፊፋ የልጅነት ጓደኛ ናት፤ ታጁን አዝላው የምታውቅ ሴት። ባሏ ከሞተ ወዲህ በባሏ ዘመዶች ግቢ ጥግ ተጠግታ ነው የምትኖረው።

«ወንዶች ልጆች ስንት ናችሁ?»

«እኛው ነን፤ ቁጠረን።»

«ሴቶችስ?»

ታላቅየው ሻዩን ፉት አለና፣ «እለፋት» አለው።

«እንዴት ልለፋት? ሱልጣና አለች አይደል?»

«ሱልጣና ትታልናለች።»

«ትታ ከሆነ ራሷ መጥታ ትናገር።»

«ስማ አንተ ልጅ፣ እህታችንን ገበያ መሃል ገትረህ ልትጠይቃት ነው? ማፈሪያ! ያንተ እህት ብትሆን ታደርገዋለህ?»

ሻይ ቤቱ በሣቅ አወካ። ታጁ ካልኩሌተሩን ዘጋ፤ ወንድማማቾቹም ሻዩን ሳይጨርሱ ተነሥተው ሄዱ።

ለማያውቅ ላስረዳ። በእኛ አገር እህት «ድርሻዬን» ብላ ወንድሟ ፊት ከቆመች ዐይን አውጣ ትባላለች። ባሏ ቢገፋት የምትመለስበት፣ ለዒድ የምትጠየቅበት፣ ብትሞት ሬሳዋ የሚወጣበት የወንድሟ ቤት ነው። ድርሻዋን ከወሰደች ያ በር ይዘጋባታል። ስለዚህ ሽማግሌ ፊት ቀርባ «ይሁንላችሁ» ትላለች። ያቺን አንዲት ቃል ቤቱ ሁሉ ትንፋሹን ውጦ ይጠብቃታል፤ ስትወጣም «እህት ማለት እንዲህ ናት» ይባላል። በሸሪዓው ድርሻ አላት። በመንግሥት ሕግ ድርሻ አላት። ድርሻ የሌላት በእኛ ዘንድ ብቻ ነው! ደጋ ያላችሁ ደግሞ አትሣቁ። «ባሏ ቤት አላት» እያላችሁ እህቶቻችሁን ባዶ እጃቸውን የሸኛችሁ እናንተም ናችሁ፤ ቤተ ክርስቲያን ብትስሙም ያው ናችሁ።

ከዚያ ቀን በኋላ የታጁ ወንበር ጭር አለ። የሻይ ቤቷ ባለቤት፣ «መምህር፣ ዕቃህ ጥያቄ አበዛሳ» አለችው፤ በቀልድ ነው፣ ግን ገባው። ሰው እንደ ድሮው እንዲከበው ፈለገ። ያደረገውን ልንገራችሁ። ፕሮግራሙ ራስጌ ላይ አንዲት መስመር ጨመረ፤ «ሲ» ዜሮ ናት የምትል። የሴቶቹን ጥያቄ ደግሞ ከቦታዋ አንሥቶ ከአንድ ቁልፍ ኋላ ደበቃት። ቁልፉን የተጫነ ይጠየቃል፤ ላልተጫነ ሴት ልጅ የሚባል ፍጥረት በዓለም የለም። «የፈለገ ይጫን» አለ ለራሱ። ማን ነው የሚፈልገው? ቁልፏን የሚያውቃት እሱ ብቻ!

ወንድማማቾቹ ተመልሰው መጡ። አራት ማዕዘኑ ለወንዶቹ ብቻ ተሸነሸነ። ታላቅየው የታጁን ትከሻ መታ መታ አድርጎ፣ «አሁን ገና ሰው ሆነች!» አለ። ሱልጣናን ማንም አልጠራት፣ ማንም አልጠየቃት። ነገሩ በዚያ አላበቃም። ተማሪዎቹ ለስልክ የሚሆነውን ቅጂ ለመኑት፤ በቴሌግራም ላከላቸው። ከተማሪዎቹ ወደ አጎቶቻቸው፣ ከአጎቶቻቸው ወደ ሌላ ገበያ ሄደ። «ማሽን አያዳላም» የሚባለው ነገር የዚያን ጊዜ ነው የተፈለሰፈው።

የታጁ አባት የሞቱት ማሾ ሲለቀም ነው። ሐዘኑ ሲበርድ ኢስሀቅ ከደብረ ሲና መጣ። የወንዝ ዳሯን መስኖ ለአንድ ጫት ነጋዴ ሊሰጥ ቃል ገብቶ ነው የመጣው። የአፊፋ ኑሮ ደግሞ እዚያችው መሬት ላይ ነው። ቀጭኗ ከደረሰቻት በአገሯ ሠርታ ትኖራለች፤ ካልደረሰቻት ወጥታ የሰው ድስት ታጥባለች። ነገሩ ሁሉ ይኸው ነው።

ሸሁ ተጠሩ፤ ሽማግሌዎችም መጡ። የሱልጣና ታላቅ ወንድም ግንባር ቀደም ሆኖ ተቀምጧል። ሌሎቹም በታጁ ካልኩሌተር የተካፈሉ ናቸው። አፊፋ ጥቁር ለብሳ በሩ ሥር ቁጭ ብላለች።

«አውጣት እስቲ ያቺን ጉደኛ» አለ ኢስሀቅ።

ታጁ አወጣ። ሚስት? የለችም። እናት? አባት? የሉም። ወንዶች ልጆች? አሉ፣ እሱና ወንድሙ። ቁልፏን መጫን የነበረበት እዚህ ላይ ነው። አውራ ጣቱ ላይዋ ላይ ነበረች። ቀና ሲል የሱልጣናን ወንድም ፊት አየ። አፊፋን ካስገባት ሰውዬው «እንዴ! ይቺ ዕቃ ሴት መቁጠር ትችላለች?» ማለቱ ነው። ከዚያ ሌላውም ይጠይቃል፤ የዘለላቸው እህቶች ሁሉ አንድ በአንድ ይነሣሉ፤ የመምህር ታጁ ስም አፈር ይበላል። አውራ ጣቱን አነሣ።

አራት ማዕዘኑ መሃል ለመሃል ለሁለት ተከፈለ። ኢስሀቅ ካልኩሌተሩን ተቀብሎ ለሸሁ አቀበላቸው። ሸሁ ስክሪኑን ዐይናቸው ድረስ አስጠጉት።

«አፊፋስ?» አሉ።

«ማሽኗ ያወጣችው ይሄንን ነው ሸህ። ማሽን አያዳላም» አለ ኢስሀቅ ፈጠን ብሎ።

ሸሁ ወደ ታናሽየው ዞሩ። «ታጁ?»

«አዎ... ያወጣችው ይሄንን ነው።»

አፍ ሲከዳ ከሎሌ ይብሳል። ያ ልጅ እኮ «እህቴ ናት!» ብሎ ሲደባደብ ያደገ አፍ ነበረው! ሸሁስ? ሸሁ ያውቃሉ። ለወንድ የሁለት ሴት ብለው ያስተማሩት እሳቸው ናቸው። ግን ያ ሁሉ ሽማግሌ ተቀምጦ፣ ኢስሀቅ ዐይን ዐይናቸውን እያያቸው፣ «እንግዲህ ካላችሁ» ብለው ዕቃውን መለሱ። እዚያ ቤት ውስጥ ያላወቀ አንድ ሰው አልነበረም። ሁሉም ያውቃል። ዐይኑን የሚያሳርፍበት ዕቃ ስላገኘ ነው ዝም ያለው።

ያኔ አፊፋ ከበሩ ሥር ተነሣች።

«እስቲ ልየው።»

ማንም ሊከለክላት አልቻለም። ካልኩሌተሩን ተቀብላ ወደ ብርሃኑ ዞር አደረገችው። በጣቷ የስክሪኑን ጠርዝ፣ በወንዙ በኩል ያለውን፣ ነካች።

«ታጁዬ፣ ያቺ ቀጭኗ የት ሄደች?»

ጥያቄው የገባው እሱ ብቻ ነው። መሬት መሬት አየ።

«ጠርገሃት ይሆናላ» አለች ለራሷ በሚመስል ድምፅ። ዕቃውን እጁ ላይ መልሳ፣ ነጠላዋን ሰብሰብ አድርጋ፣ ወደ ሽማግሌዎቹ ዞረች።

«ይሁንላችሁ።»

«እህት ማለት እንዲህ ናት!» አለ የሱልጣና ወንድም። ዱዓ ተደረገ። ሁሉም አሚን አለ። ታጁም አሚን አለ።

ብዙም ሳይቆይ አፊፋ ልብሷን በፌስታል አንጠልጥላ ደብረ ብርሃን ወጣች። የፋብሪካ ሠራተኞች ምሳ የሚበሉበት ቤት ድስት አጣቢ ሆነች። የቆላ ሰው፣ በደብረ ብርሃን ብርድ፣ በቀዝቃዛ ውሃ! ሄጄ አይቻታለሁ፤ የእጇ ቆዳ እንደ በጋ መሬት ተሰነጣጥቋል።

ታጁ ማስተማሩን ቀጠለ፤ ግን ሰሌዳ ላይ አራት ማዕዘን መሣል አቃተው። ሁለት መስመር ይሥልና ጠመኔውን ይዞ ይቆማል፤ ተማሪዎቹ ይተያያሉ። ገበያ መውጣት ተወ። መንገድ ላይ ሰው ሲያገኘው፣ «የእህትህ ጨዋነት! አላህ ይስጣት» ይለዋል፤ እሱ ደግሞ በጥፊ እንደተመታ ሰው ፊቱን ያዞራል። ይህን ሳስብ አላዝንለትም። እፍረት ከመጣ አይቀር ከሽማግሌዎቹ ፊት መምጣት ነበረበት። እኛ ዘንድ እፍረት ሁልጊዜ እንደ ዘገየ አውቶቡስ ነው፤ የሚደርሰው ሰው ከሄደ በኋላ።

በመጨረሻ ደብረ ብርሃን ሄደ። አፊፋን ምግብ ቤቱ ጓሮ፣ ድስት ላይ ጎንበስ ብላ አገኛት።

«መጣህ?» አለችው፤ ቀና አላለችም።

«እትዬ፣ ፕሮግራሙን አስተካክዬዋለሁ።»

ፕሮግራሙን! ከዚያ ሁሉ በኋላ ከአፉ የወጣው የመጀመሪያ ቃል ይህ ነው።

«ምኑን?»

«አሁን ሴቶቹን ሳይጠይቅ አያልፍም። ስማቸውን ካልጻፉለት ወደፊት አይሄድም። ላሳይሽ...»

«አስቀምጠው፤ እጄ እርጥብ ነው።»

ኪሱ ከተተው። ቆሞ ብዙ ከዋለለ በኋላ፣ «ቀጭኗን ከኔ ድርሻ እሰጥሻለሁ። ኢስሀቅ እምቢ ቢል እንኳ ከኔ» አላት።

አፊፋ ድስቱን ደፍታ ተነሣች።

«ታጁ፣ እኔ ያን ዕለት ዕቃህን አልጠበቅኩም፤ አፍህን ነው የጠበቅኩት። 'እህቴ ናት' ይላል ብዬ። ጎረቤላ አጥር ሥር ስትል አልነበር?»

አለቀሰ። ይገባዋል።

«ተው፣ ሰዎቹ ምን ይሉኛል» አለችው። ውሃውን ከእጇ አራገፈች። «ሱልጣናስ?»

«ምን ሱልጣና?»

«የኔን ይዘህ መጣህ። የሱልጣናን ማን ይዞላት ሄደ? እሷ ወንድሟ አስተማሪ ስላልሆነ ነው? ሰው ፊት ነው የጠረግኸን፤ ሰው ፊት መልሰን። ያኔ እመጣለሁ።»

ታጁ በሚቀጥለው ገበያ ቀን ሻይ ቤቷ ወንበር ላይ ተመለሰ። አስቀድሞ ሸሁ ዘንድ ሄዶ «ይምጡልኝ፤ ምንም አይበሉ፣ ብቻ ይቀመጡ» ብሏቸው ነበር፤ ምርኩዛቸውን ይዘው መጥተው ጥግ ተቀመጡ። የሱልጣና ወንድሞች ሱቅ ፊት ለፊት ነው። ታጁ ክፍል ውስጥ እንደሚያስተምር ሰው ድምፁን ከፍ አደረገ።

«ያካፈልኳችሁ ሁሉ ስሙኝ። እህቶቻችሁን ዘልያለሁ። የገዛ እህቴንም ዘልያለሁ።»

«ታሟል» አለ አንዱ።

«ሐዘን ነው፤ አባቱ ከሞቱ ወዲህ እንዲህ ያደርገዋል።»

«ቁርስ አልበላም ይሆናል፤ አምባሻ ስጪው» አለ ሌላው፤ ሣቅ ሆነ።

የሱልጣና ታላቅ ወንድም መንገዱን አቋርጦ መጣ። «ምንድነው የምትለፈልፈው?»

ታጁ ስክሪኑን አሳየው። ሰፋፊ ቁራሾች፣ ጥግ ላይ ደግሞ አንዲት ቀጭን። «ይቺ የሱልጣና ናት።»

«ያኔ ማሽኑ ሌላ ነበር ያለው!»

«ያኔም ማሽኑ አልነበረም። እናንተ እለፋት አላችሁኝ፤ እኔ አለፍኳት። ማሽኑ ምን ያውቃል?»

ሰውዬው ካልኩሌተሩን ነጠቀውና ብርጭቆ የሚታጠብበት ባልዲ ውስጥ ወረወረው። «አሁን ይቁጠራ!»

ጥቂት ሰዎች ሣቁ። ታጁ እጁን እስከ ክርኑ ሰዶ አወጣው። ስክሪኑ ጠቆረ፤ ከየቁልፉ ሥር የሻይ ቅጠል ይወጣል። በእጅጌው ሊጠርገው ጀመረና ተወው። ምን እንዳስታወሰ አልጠየቅኩትም።

የዚያን ጊዜ ሸሁ ተነሡ። ምርኩዛቸውን ይዘው ወጡና ገበያው አቧራ ላይ አራት ማዕዘን ሣሉ። መስመሩ ጠማማ ነው። ወንዶቹን እየጠሩ ቆረጡ። ከዚያ ጥግ ላይ አንዲት ቀጭን ቆረጡና ምርኩዙን ተከሉባት።

«ይቺ የሱልጣና ሐቅ ናት» አሉ። «እኔ አውቅ ነበር። ዐይኔ ደክሟል እያልኩ ተሸሸግሁ። ወላሂ፣ የደከመው ዐይኔ አልነበረም። ከእንግዲህ ሴቶቹን እናንተ ፊት አቁሜ አልጠይቅም። ብቻዬን እየሄድኩ፣ በራቸው ላይ እጠይቃቸዋለሁ። ይሁንላችሁ ያለችም ያኔ ትበል።»

ማንም አልሣቀም። ግመልና አህያ ረግጦ እስኪያጠፋው ድረስ ያ ሥዕል ገበያው መሃል ዋለ። ሰውም ዳር ዳሩን እየዞረ ሄደ።

ታዲያ ሁሉ ተስተካከለ? የት ተስተካክሎ! የሱልጣና ወንድሞች ዛሬም ይከራከራሉ። በየስልኩ የገባው አሮጌ ፕሮግራም ዛሬም ሴት አይቆጥርም። ታጁ በየቴሌግራሙ «አጥፉት» ብሎ ይጽፋል፤ «ለእኛ በደንብ ይሠራል» ብለው ይመልሱለታል። ደብረ ሲና፣ የኢስሀቅ ሱቅ ውስጥ፣ ባንኮኒው ላይ በተቀመጠ ስልክ አራት ማዕዘኑ ለወንዶች ብቻ ሲሸነሸን በዐይኔ አይቻለሁ። ኢስሀቅ አላፈረም፤ እኔ አፈርኩለት።

አፊፋ ግን ቃሏን ጠበቀች። ወሬው ደብረ ብርሃን ሲደርሳት መጣች። ታጁ እስከ ወንዙ ከሚወርደው ከገዛ ድርሻው ቀጭኗን ሊለካላት ገመድ ይዞ ጠበቃት። ከላይ በመንገዱ በኩል ለካና የወሰን ድንጋይ አስቀመጠ፤ ለመግቢያ ይቀርባታል ብሎ ነው። አፊፋ ጎንበስ ብላ ድንጋዩን አቀፈችና ይዛው ወረደች፤ በሽንኩርቱ መደብ በኩል፣ ራሷ በተከለቻቸው ፓፓያዎች መሃል፣ የወንዙ ድምፅ እስኪሰማ ድረስ። እዚያ ጣለችው።

«በወንዙ በኩል ነበር ያልኩት፣ መምህር» አለችው።

ታጁዬ አላለችውም። ከዚያ ወዲህም ብላው አታውቅም። ኢስሀቅ ለዒድ ሲመጣ ድንጋዩን አይቶ ዙሪያውን ዞረ፤ እስካሁን ግን አልነካውም።

ድንጋዩን የጣለች ዕለት ታጁ የገመዱን ጫፍ እንደጨበጠ ባለበት ቆሞ ቀረ። እሷ ከታች ሌላውን ጫፍ ይዛ፣ «ምን ትጠብቃለህ? ወጥረው እንጂ!» እስክትለው ድረስ ከቦታው አልተነቃነቀም።